ሁለት ጨረቃ ላለው ዓለም ዘመን እንዴት ይቆጠራል?

የአንባቢያን ጥያቄና መልስ፣ ከጅማ

ጥያቄ፦ ጋሼ፣ ጤና ይስጥልኝ። ጅማ ዩኒቨርሲቲ የምማር የሁለተኛ ዓመት ተማሪ ነኝ። ምናባዊ ልብ ወለድ እየጻፍኩ ነው። የታሪኩ ዓለም ሁለት ጨረቃ አለው። አንዷ ትልቅና ነጭ ናት፤ ስሟን “ነጪት” ብያታለሁ። ቅርቧ እሷ ናት። ሌላዋ ትንሽና ቀይ ናት፤ “ቀዮ” ትባላለች፤ ራቅ ትላለች። ዓመቱ 400 ቀን ነው። ወሮቹ 10 ናቸው፤ እያንዳንዳቸው 40 ቀን። ሁለቱም ጨረቃዎች በ40 ቀን ይዞራሉ፤ በየወሩ መባቻም አብረው ይሞላሉ። የአገሩ ዘመን ቆጣሪዎች ሰማይ አይተው ነው የሚያሰሉት። ዶርም የምትጋራኝ ጓደኛዬ አንብባ “ይሄ ሰማይ ላይ አይሆንም” አለችኝ። ምናባዊ ከሆነ ለምን አይሆንም? የወሮቹን ስም እንኳ አውጥቼ ጨርሻለሁ።

መልስ፦ ልጄ፣ ጓደኛሽ እውነቷን ነው። ግን የጻፍሽውን አትቅደጂው። የሚስተካከል ነገር ነው፤ ሲስተካከል ደግሞ ታሪኩ ይበልጥ ያምራል።

ምናባዊ ስለሆነ ምንም ይቻላል ካልሽ፣ አዎ ይቻላል። አንድ አስማተኛ ጨረቃዎቹን ይነዳቸዋል ብለሽ ጻፊና አበቃ። አንቺ ግን እንደዚያ አላልሽም። ቆጣሪዎቹ ሰማይ አይተው ያሰላሉ ነው ያልሽው። እንዲህ ካልሽ አንባቢውም አብሯቸው ቀና ይላል። ሰማዩ የራሱ ሕግ ከሌለው የቆጣሪዎቹ ጥበብ ምኑ ላይ ነው?

መጀመሪያ ርቀቱን እንይ። ዮሐንስ ኬፕለር በ1619 እ.ኤ.አ. ያሳተመው አንድ ሕግ አለ። እሱ የጻፈው ፀሐይን ስለሚዞሩት ፕላኔቶች ነበር፤ ለጨረቃም ይሠራል። የቀረበ ይፈጥናል፣ የራቀ ይዘገያል። ማርስን ውሰጂ። በ1877 እ.ኤ.አ. የተገኙ ሁለት ጨረቃዎች አሏት። ቅርቧ ፎቦስ በ7 ሰዓት ከ39 ደቂቃ ዙሯን ትጨርሳለች። ራቅ ያለችው ዲሞስ 30 ሰዓት ይፈጅባታል። ፎቦስ ከማርስ እሽክርክሪት ስለምትቀድም በምዕራብ ወጥታ በምሥራቅ ትጠልቃለች። እንዲህ ያለውን ጨረቃ ማንም ደራሲ ቢፈጥር አንባቢ አበዛኸው ይለው ነበር፤ ግን እውነት ነው።

ስለዚህ ነጪትና ቀዮ በተለያየ ርቀት ላይ ሆነው ሁለቱም በ40 ቀን አይዞሩም። እኔ ብሆን ቦታ አቀያይራቸው ነበር። ቀዮ ትቅረብ፣ ትፍጠን። ትንሽ ናት፤ በየቀኑ መልኳ ሲለዋወጥ ልጆች ሳይቀሩ ይከታተሏታል። ነጪት ራቅ ብላ ዝግ ትበል። ትልቅ ስለሆነች ከሩቅም ታበራለች።

“አንዷ ስትዞር ሌላዋ ልክ ሁለት ጊዜ ብትዞርስ?” ትይኝ ይሆናል። እንዲህ ያለም አለ። ጋሊሊዮ በ1610 እ.ኤ.አ. ካያቸው የጁፒተር ጨረቃዎች ሦስቱ ጥንድ ጥንድ ሆነው ይሄዳሉ። ጋኒሜድ አንዴ ስትዞር ዩሮፓ ሁለቴ፣ አዮ አራቴ ትዞራለች። እርስ በርስ በስበት ተያይዘው ነው። ይሁን እንጂ ሦስቱ በአንድ ወገን አብረው አይሰለፉም። ዩሮፓና ጋኒሜድ ሲገናኙ አዮ ከጁፒተር ማዶ ናት። ይኸው ነው የሰማይ ጠባይ፤ እኩል የተካፈለ በሚመስልበት ቦታ እንኳ አንድ ነገር ያስቀራል።

አሁን ወደ ዋናው ነገር ልምጣ። 10 ጊዜ 40 እኩል ይሆናል 400 ያልሽው ላይ ነው ጓደኛሽ የከበዳት። ቀሪ የለውም። በእኛ ሰማይ ግን ሁሉም ነገር ቀሪ አለው። ከወቅት እስከ ወቅት ብንቆጥር ዓመቱ 365.2422 ቀን ነው። ጨረቃ ከሙላት እስከ ሙላት 29.53 ቀን ትወስዳለች። አሥራ ሁለት ጨረቃ 354 ቀን ከጥቂት ሰዓት ይሆናል። ከፀሐይ ዓመት 11 ቀን ገደማ ይጎድላል። በዚህች 11 ቀን ምክንያት ነው የሰው ልጅ ይህን ሁሉ የዘመን ቀመር ያወጣው። ቀሪ ባይኖር ቆጣሪም አያስፈልግም ነበር፤ ማንም ሰው በጣቱ ይቆጥረዋል።

ይህቺ 11 ቤታችን ያለች ናት። በቤተ ክርስቲያን የዘመን ቀመር፣ በባሕረ ሐሳብ፣ ጥንተ አበቅቴ የምትባለው እሷ ናት። እኔ አሠራሩን የተማርኩት ልጅ ሆኜ ሰፈራችን ከነበሩ መሪጌታ ነው። የ2018ን እናውጣ። 5500 ሲደመር 2018፣ ዓመተ ዓለሙ 7518 ነው። ለ19 ሲገደፍ፣ ማለት ሲካፈል፣ 13 ይቀራል። “አሐዱ አዕትት ለዘመን” ይላሉ፤ አንድ ይነሣለታል፤ ወንበሩ 12 ሆነ። 12 በ11 ሲባዛ 132። ለ30 ሲገደፍ 12 ይቀራል፤ አበቅቴው ይኸው ነው። ያንኑ ወንበር በ19 አባዝተሽ ለ30 ብትገድፊው 18 ይመጣል፤ እሱ መጥቅዕ፣ የአጽዋማትና የበዓላት ቀን የሚወጣበት ቁጥር ነው። ሁለቱ ሲደመሩ 30። መሪጌታ ይህን ያለ ወረቀት፣ ዓይናቸውን ጨፍነው ነበር የሚያወጡት።

ለምን በ19 እንደሚገደፍ ልብ በይ። በ19 ዓመት ውስጥ 235 ጨረቃዎች አሉ፤ በፀሐዩና በጨረቃው ቆጠራ መካከል የሚቀረው ልዩነት ሁለት ሰዓት ገደማ ብቻ ነው። ንዑስ ቀመር የሚባለው ይህ ነው። በሳምንቱና በአራት ዓመቱ ዙር ሲባዛ 532 ዓመት ይሆናል፤ ዓቢይ ቀመር።

የሂጅራው አቆጣጠር ደግሞ ሌላ መንገድ መረጠ። ፀሐይን አልጠበቀም። አሥራ ሁለት ጨረቃ ሲሞላ ዓመቱ ሞላ። ስለዚህ ረመዳን በየዓመቱ ወደ 11 ቀን እየቀደመ በ33 ዓመት ገደማ ወቅቶቹን ሁሉ ይዞራል። ጎረቤቴ ሐጂ በጅማ ከባድ ዝናብም ፆመዋል፣ ቡና በሚለቀምበት ደረቅ ወቅትም ፆመዋል። ሳሎኔ ግድግዳ ላይ የተሰቀለው ካላንደር የኛን፣ የሂጅራውንና የፈረንጁን አንድ ላይ ይዟል። አንድ ሰማይ ነው፤ ቀሪውን ሦስት ቦታ አስቀመጡት።

የቦረና ኦሮሞ አቆጣጠር ደግሞ ላንቺ ሥራ ከሁሉም የሚጠቅም ይመስለኛል። አንትሮፖሎጂስቱ አስመሮም ለገሠ በ1973 እ.ኤ.አ. ካሳተሙት ጥናት በኋላ በውጭም ብዙ ተጽፎበታል። 12 የጨረቃ ወር፣ 354 ቀን አለው። ባለሙያዎቹ ጨረቃ ከየትኞቹ ከዋክብት አጠገብ እንደሆነች አይተው ወሩን ይለያሉ። ሰባቱ ከዋክብት፣ አልደባራንና ሲሪየስ ከነሱ ውስጥ ናቸው። የቀን ስሞቹ ግን 27 ናቸው። ጨረቃ በከዋክብቱ መካከል አንድ ዙር የምትጨርሰው በ27.3 ቀን ስለሆነ ነው። ወሩ 29 ወይም 30፣ ስሙ 27። ስለዚህ እያንዳንዱ ወር ካለፈው ወር ሁለት ሦስት ስም አልፎ ይጀምራል። አንድ ቀን ሲጠራ ስሙም ወሩም አብሮ ይነገራል፤ ያለዚያ የቱ ቀን እንደሆነ አይታወቅም። አንቺም ለዓለምሽ ሰዎች እንዲህ ያለ የቀን ስም ብትሰጫቸው፣ ገጸ ባሕርይሽ የተወለደችበትን ቀን ስትናገር ብቻ አንድ ዓለም ይገለጣል።

እንግዲህ ያንቺን ሰማይ እንሥራ። ወረቀት ላይ ሞክሬዋለሁ።

ዓመቱ 391.25 ቀን ይሁን። ነጪት ከሙላት እስከ ሙላት 34.6 ቀን ትውሰድ። ቀዮ 12.7 ቀን። ወሩን በነጪት ቁጠሪ። ከአምስት ወር ሦስቱ ባለ 35፣ ሁለቱ ባለ 34 ቀን ከሆኑ ልክ 34.6 ይወጣል። አሥራ አንድ ወር 380.6 ቀን ነው። ከዓመቱ 10.65 ቀን ይጎድላል። የነሱ አበቅቴ ይህ ነው። ዝም ብለው ከተዉት የዘር ወር ከዝናቡ ይሸሻል። በ13 ዓመት የሚጠራቀመው ጉድለት 138.45 ቀን ነው። አራት የነጪት ወር ደግሞ 138.4 ቀን። ጥቂት ሲቀር እኩል ናቸው! ስለዚህ በ13 ዓመት ውስጥ አራት ጊዜ አሥራ ሁለተኛ ወር ይጨመራል። ዘጠኙ ዓመት ባለ 11 ወር፣ አራቱ ባለ 12።

አብሮ መሙላቱንም አላሳጣሁሽም። ብርቅ አደረግኩት እንጂ። አንድ ሌሊት ሁለቱም አብረው ሞሉ እንበል። ከ11 የነጪት ወር በኋላ ቀዮ 30 ጊዜ ልትሞላ 0.4 ቀን ይቀራታል። ለዓይን አብረው የሞሉ ይመስላሉ፤ ቆጣሪው ግን ያውቃል። ከ29 ወር በኋላ ነጪት 1003.4፣ ቀዮ በ79ኛ ሙላቷ 1003.3። ልዩነቱ የቀን አንድ አሥረኛ ነው። እውነተኛው ድርብ ሙላት ይኼ ነው። ሁለት ዓመት ተኩል ከጥቂት ሳምንት ይጠበቃል። ያቺም አንድ አሥረኛ ዝም አትልም። አሥር ድርብ ሙላት ሲያልፍ ሙሉ አንድ ቀን ትሆናለች። ያ 25 ዓመት ከመንፈቅ በላይ ነው። በጉልምስናው ድርብ ሙላትን በትክክለኛው ሌሊት ያየ ቆጣሪ፣ ሲያረጅ በመጽሐፉ ላይ የተጻፈው ሌሊትና ሰማዩ አንድ ቀን ይለያዩበታል። መጽሐፉን ያምናል ወይስ ዓይኑን? እኔ አንቺን ብሆን ታሪኩን የምጀምረው እዚህ ነው።

ተጨማሪው ወርም ቀላል ነገር አይደለም። መቼ እንደሚጨመር የሚያውጀው ማን ነው? በጥንቷ ሮም የሚያውጁት ካህናቱ ነበሩ፤ የወዳጅን የሹመት ዘመን ለማራዘም፣ የጠላትን ለማሳጠር ይጠቀሙበት ነበር። አቆጣጠሩ ከወቅቶቹ በጣም ስለራቀ ዩልዮስ ቄሳር ለማስተካከል ከክርስቶስ ልደት በፊት 46ኛውን ዓመት 445 ቀን አደረገው። እስቲ አስቢው፤ ያን ዓመት የዓመት ኪራይ የከፈለ፣ ለዓመት የተቀጠረ፣ በዓመት ወለድ የተበደረ ሰው ምን ሆነ? በአንቺም አገር በአሥራ ሁለተኛው ወር ግብር ይከፈላል? የተቀጠረ እረኛ ደሞዝ ያገኛል? በዚያ ወር የተወለደ ልጅ ልደቱ በ13 ዓመት አራት ጊዜ ብቻ ነው። እኛ ዘንድ ጳጉሜን 6 የተወለዱ ልጆች አሉ፤ ጠይቂያቸው፣ የሚነግሩሽ አያልቅም።

ስለ ጨረቃ መልክ አንድ ነገር ልጨምር፤ ብዙ ጸሐፊ የሚሳሳትበት ነው። ሙሉ ጨረቃ የምትወጣው ፀሐይ ስትጠልቅ ነው፣ ሁልጊዜ። ገና የተወለደች ቀጭን ጨረቃ ደግሞ ፀሐይን ተከትላ ወዲያው ትጠልቃለች። የዒድን ጨረቃ ለማየት ሰው ምዕራብ ምዕራቡን የሚያየው ለዚህ ነው። ስለዚህ “እኩለ ሌሊት ላይ ቀጭኗ ነጪት አናታቸው ላይ ነበረች” ብለሽ እንዳትጽፊ። ሁለቱ አብረው ሲሞሉ ሁለቱም በምሥራቅ ይወጣሉ፤ የፀሐይ ግርዶሽ የሚሆነው ደግሞ ጨረቃ ጨርሳ በማትታይበት ቀን እንጂ ሙላት ላይ አይደለም።

የወር ስሞችሽን አትጣያቸው። አሥሩ ይቆዩ፤ አንድ ጨምሪ፤ ለተጨማሪው ወር ደግሞ ሰዎቹ በደስታ ወይም በፍርሃት የሚጠሩት ስም ፈልጊ። ከሰማይ ብቻ ግን ስም አይወጣም። ገበሬ ሰማይ ከሚያይ ይልቅ መሬቱን ነው የሚያየው። እዚሁ ጅማ ዙሪያ በየካቲትና በመጋቢት ድርቁን ዝናብ ሲሰብረው፣ በሳምንት አሥር ቀን ውስጥ ቡናው ያብባል። ቅርንጫፉ ከሥሩ እስከ ጫፉ ነጭ ይሆናል፤ ሽታው መንገድ ድረስ ይመጣል፤ ከዚያ በጥቂት ቀን ይረግፋል። ፍሬው እስኪቀላ ወደ ስምንት ወር ይፈጃል። ቡና ያለው ሰው ከዚያ አበባ ጀምሮ ነው የሚቆጥረው። ዝናቡ ከዘገየ ቆጠራውም ይዘገያል። ያንቺም አገር ሰዎች እንዲህ ያለ የአበባ ቆጠራ ይኑራቸው። ቤተ መንግሥቱ “የአበባ ወር ገባ” ብሎ ሲያውጅ ዛፉ ገና እንጨት ሆኖ የቆመበት ዓመት ይኑር።

ጥያቄ፦ ከአጋሮ ነው የምጽፈው። ለልጆቼ ማታ ማታ የምነግራቸው ራሴ የፈጠርኩት ተረት አለ። ጨረቃ የሌለው አገር ነው። ትልቋ ልጄ “ታዲያ ዓመት ማለቁን በምን ያውቃሉ?” አለችኝ። ምን ልበላት?

መልስ፦ ወንድሜ፣ ጎበዝ ልጅ አለችዎት። መልሱን ደግሞ ግቢዎ ውስጥ ሊያሳዩአት ይችላሉ።

ሚያዝያ 1 አካባቢ ቀጥ ያለ እንጨት ግቢ ውስጥ ይትከሉ። ቀጥ ማለቱን በቱምቢ ያረጋግጡ፤ ቱምቢ ከሌለ ድንጋይ የታሰረበት ሲባጎም ይበቃል። ከቀኑ 6 ሰዓት ጀምሮ ጥላውን ትከታተል። እያጠረ፣ እያጠረ ይሄድና 6 ሰዓት ተኩል አለፍ ሲል ጨርሶ ይጠፋል። ጀሪካን ቢያቆሙ ጥላው ከሥሩ አይወጣም። ፀሐይ ልክ አናት ላይ ናት። ልክ 6 ሰዓት ላይ ያልሆነው ሰዓታችን የ45 ዲግሪ ምሥራቅ ኬንትሮስን ስለሚከተል ነው፤ ጅማና አጋሮ 37 ዲግሪ አጠገብ ስለሆኑ ፀሐይ ከግማሽ ሰዓት በላይ ዘግይታ ትደርስብናለች።

ይህ ነገር በዓመት ሁለት ጊዜ ይሆናል። ሁለተኛው ነሐሴ 27 አካባቢ ነው፤ ያኔ ደመናው ስለሚበዛ ሚያዝያው ይሻላል። በሁለቱ መካከል ያለውን 146 ቀን ፀሐይ በቀትር በሰሜን በኩል ትሆናለች፤ ጥላ ወደ ደቡብ ይወድቃል። በቀረው 219 ቀን ደግሞ ጥላ ወደ ሰሜን ነው። ምክንያቱ የምድር ዛቢያ 23.4 ዲግሪ ዘንበል ማለቱ ነው። እኛ ለምድር ወገብ ስለምንቀርብ የቀኑ ርዝማኔ በዓመት ውስጥ አንድ ሰዓት እንኳ አይለዋወጥም። ስለዚህ “ቀኑ ሲረዝም፣ ቀኑ ሲያጥር” የሚለው የሰሜን አገር ምልክት ለእኛ አይሆንም። የእኛ ምልክት ጥላ ነው።

ለተረትዎ እንዲህ ቢሉስ? በዚያ አገር ዓመቱ ሁለት እኩል ያልሆኑ ግማሾች አሉት፤ የደቡብ ጥላና የሰሜን ጥላ። ጥላ በጠፋችበት ቀን አዲስ ዘመን ይገባል። ከዚያ አንድ መንገደኛ ወደ ሰሜን ይሂድ። ከጅማ ወደ አዲስ አበባ ቢሄድ ጥላ የምትጠፋው ሚያዝያ 5 አካባቢ ነው፤ አራት ቀን ገደማ ትዘገያለች። በነሐሴ ደግሞ በተቃራኒው አዲስ አበባ ትቀድማለች። ስለዚህ መንገደኛው አገሩ ላይ ያከበረውን በዓል እንደገና በሄደበት ከተማ ያገኘዋል። ሁለቱ ከተሞች “ትክክለኛው አዲስ ዓመት የኛ ነው” ብለው ይከራከሩ። ልጆቹ ፈራጅ ይሁኑ። ማንም አልተሳሳተም፤ ሁለቱም የቆሙበትን መሬት ሰማይ ነው የሚያዩት።

ሌላው ምልክት ከዋክብት ናቸው። የጥንት ግብፆች ሲሪየስ ለሳምንታት ከፀሐይ ብርሃን ጀርባ ተሰውራ ጎሕ ሲቀድ ዳግም ስትታይ የአባይ ሙላት መቃረቡን ያውቁ ነበር። ካላንደራቸው ባለ 30 ቀን አሥራ ሁለት ወርና አምስት ቀን ነበረ፤ የእኛው መልክ ነው። ስድስተኛ ቀን ግን አይጨምሩም ነበር። ስለዚህ በየአራት ዓመቱ አንድ ቀን እየተንሸራተተ ዙሩን ለመጨረስ 1460 ዓመት ይፈጅበታል። እኛ በዘመነ ሉቃስ መጨረሻ ጳጉሜን 6 እናደርጋለን። ይህም ቢሆን ዓመቱን 365.25 ስለሚያደርገው በ128 ዓመት አንድ ቀን ይተርፋል። ፈረንጆቹ ይህን ለማረም በ1582 አሥር ቀን ዘለሉ፤ ከጥቅምት 4 ቀጥሎ ጥቅምት 15 ሆነ በነሱ አቆጣጠር። በዚህ ልዩነት የተነሳ ከ2100 እ.ኤ.አ. ጀምሮ መስከረም 1 በፈረንጁ ሴፕቴምበር 11 መዋሉ ይቀርና 12 ላይ ይውላል። ለልጅዎ የልጅ ልጆች የሚነገር ነው።

ጥያቄ፦ ጅማ መርካቶ ሱቅ አለኝ። ልጄ የኮምፒውተር ጌም እየሠራ ነው፤ የራሱ ዓለም ያለው። ሳምንቱን ዘጠኝ ቀን አደረገው። ሳምንት ሰባት ቀን መሆን የለበትም ወይ?

መልስ፦ የለበትም። ቀን ከምድር መሽከርከር፣ ወር ከጨረቃ፣ ዓመት ከፀሐይ ይመጣል። ሳምንት ግን ሰማይ ላይ የሚዞር ነገር የለውም። በእርግጥ በዓይን የሚታዩ ተንቀሳቃሽ ብርሃናት ፀሐይንና ጨረቃን ጨምሮ ሰባት ናቸው፤ ሮማውያንም ቀኖቹን በነሱ ሰየሙ። የልጅዎ ዓለም ስንት ፕላኔት ይታይበታል? ዘጠኝ ብርሃናት ካሉት ዘጠኙ ቀን ምክንያት አገኘ።

የጥንት ግብፆች በአሥር በአሥር ቀን ይቆጥሩ ነበር። ፈረንሳዮች በአብዮቱ ጊዜ በ1793 እ.ኤ.አ. ባለ አሥር ቀን ሳምንት አወጡ፤ ካላንደሩ ራሱ በ1805 መጨረሻ ቀረ። ሶቭየት ኅብረትም በ1929 የአምስት ቀን፣ በ1931 የስድስት ቀን ሞክራ በ1940 ወደ ሰባት ተመለሰች። ሠራተኛው በአሥር ቀን አንዴ ማረፍ ከብዶታል፤ ባልና ሚስት የተለያየ ቀን ማረፋቸውም አላስደሰታቸውም። ልጅዎ ይህን ያስብበት። በዘጠኝ ቀን ውስጥ ሰው የሚያርፈው ስንት ቀን ነው?

ከሰማይ ይልቅ ሳምንትን የሚያቆመው ገበያ ነው፤ ይህን እርስዎ ከኔ በላይ ያውቁታል። የጅማ ሐሙስ ገበያ ከአባ ጅፋር ዘመን የመጣ ነው፤ ያኔ ሂርማታ ነበር የሚቆመው። አንትሮፖሎጂስቱ ኸርበርት ሉዊስ በ1960ዎቹ መጀመሪያ እ.ኤ.አ. በበጋ ወራት ጥሩ በሚባለው ቀን እስከ 30,000 ሰው እንደሚመጣ ጽፈዋል። በዙሪያችን ያሉት ከተሞች የየራሳቸው ቀን አላቸው፤ ነጋዴው ከአንዱ ወደ አንዱ ይዞራል። ልጅዎ በጌሙ ካርታ ላይ ዘጠኝ ከተሞች ያስቀምጥ፤ ለእያንዳንዳቸው አንድ የገበያ ቀን ይስጥ፤ በአንድ ቀን በእግር የሚደረስባቸው ሁለት ከተሞች ተከታታይ ቀን ይኑራቸው። ቀኑንም በከተማው ስም ይጥራው። ተጫዋቹ ጨው ሲያልቅበት የዛሬው ቀን ስም የት መሄድ እንዳለበት ይነግረዋል።